የቪዲዮ ፋይል ስም እንደ ዕቃ ምልክት ሊቈጠር ይገባዋል

ከባሕር ማዶ የመጣ ዕቃ ጅቡቲ ወደብ ሲደርስ አስቀድሞ የሚመረመረው በውስጡ ያለው ሳይሆን በላዩ የተጻፈው ነው። በኮንቴይነሩ ላይ አራት ፊደላትና ሰባት አኃዞች ይታያሉ። ሦስቱ ፊደላት የባለቤቱ መለያ፣ አራተኛው የመያዣው ዓይነት፣ ስድስቱ አኃዞች ተራ ቍጥር ናቸው፤ ሰባተኛው አኃዝ ግን የቀሩት በትክክል መጻፋቸውን ከመፈተን በቀር ሌላ ሥራ የለውም። ይህ ቍጥር በቢል ኦፍ ሌዲንጉ ላይ ካለው ጋር ካልተስማማ፣ ዕቃው ምንም ያህል መልካም ቢሆን እስኪታረም ድረስ ይቈያል፤ ኪራዩም በየቀኑ ይቈጠርበታል። ይህን ነገር በገንዘቡ ያልተማረ አስመጪ ቢኖር ጥቂት ነው።

እንግዲህ በፊደልና በቍጥር ይህን ያህል የሚጠነቀቀው የንግድ ወገን በኢንተርኔት በኩል ለሚዘዋወረው ቪዲዮ ስም ደንታ ቢስ ሆኖ መገኘቱ የሚያስገርም ነው። ፊልም በካሴት፣ በኋላም በቪሲዲና በዲቪዲ ይሸጥ በነበረበት ጊዜ ሽፋን ነበረው። በሽፋኑም ላይ አርእስቱ፣ የተዋንያኑ ፎቶግራፍ፣ የአዘጋጁ ስም፣ የአከፋፋዩ አድራሻና ማባዛት ክልክል መሆኑን የሚገልጽ ማስጠንቀቂያ ታትሞበት ይወጣ ነበር። ዕቃው ፋይል በሆነ ጊዜ ሽፋኑ ወደቀ። ከዚያ ሁሉ ማስታወቂያ ተርፎ ከፊልሙ ጋር የሚጓዘው አንድ መሥመር ጽሑፍ ብቻ ነው፤ እርሱም የፋይሉ ስም ነው። ገዢው በዚህ መሥመር ፈልጎ ያገኛል ወይም ያጣል፤ ባለሱቁ አንዱን ከሌላው በዚህ መሥመር ይለያል፤ ባለቤቱም የሚታወቀው፣ የሚታወቅ ከሆነ፣ በዚሁ መሥመር ነው። በፋይሉ ሆድ ውስጥ ሌላ መግለጫ ሊጻፍ እንደሚቻል እርግጥ ነው፤ ነገር ግን ፋይሉ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ፣ ሲታመቅና ሲለወጥ ያ መግለጫ ብዙ ጊዜ ይጠፋል፤ ባይጠፋም ከፍቶ የሚያነበው ሰው አይገኝም።

በዚህ ነገር ሥርዓት አበጅተው የተገኙት፣ ለመናገር የሚያሳፍር ቢሆንም፣ ሕጋውያኑ ነጋዴዎች ሳይሆኑ ሌቦቹ ናቸው። በአሜሪካና በአውሮፓ የሰውን ፊልም ያለ ፈቃድ ገልብጠው የሚያሰራጩ ስውር ቡድኖች ከብዙ ዓመታት ጀምሮ የፋይል አሰያየም ደንብ ጽፈው ይተዳደሩበታል። በደንቡ መሠረት የፊልሙ ስም ይቀድማል፤ የወጣበት ዓመት ይከተላል፤ ከዚያም የሥዕሉ ጥራት 720 ወይም 1080 ተብሎ፣ ከየት እንደ ተቀዳና በምን ዘዴ እንደ ታመቀ ይጻፋል፤ በመጨረሻም ከሰረዝ በኋላ ያወጣው ቡድን ስሙን ያኖራል። በቃላት መካከል ባዶ ቦታ አይተውም፤ በፈንታው ነጥብ ይደረጋል፤ ባዶ ቦታ ያለበት ስም የቀድሞዎቹን የማስተላለፊያ መሣሪያዎች ያስቸግር ነበርና።

ከየት እንደ ተቀዳ የሚነግረው ቃል በተለይ ሊታሰብበት ይገባል። «ብሉሬይ» የተባለው ከዲስኩ የተገለበጠ ነው፤ «ዌብ ዲኤል» የተባለው ከኢንተርኔት ሻጮች እንዳለ የተወሰደ ነው፤ «ኤችዲቲቪ» የተባለው ከቴሌቪዥን ሥርጭት የተያዘ ነው፤ «ካም» የተባለው ደግሞ አንድ ሰው በሲኒማ ቤት ተቀምጦ በእጅ ካሜራ የቀረጸው፣ የሌላው ተመልካች ሳልና ሣቅ የሚሰማበት ነው። ይህ ቡና ላኪዎች ቡናቸውን በደረጃ እንደሚለዩት ያለ ሥራ ነው። ካሙን ብሉሬይ ብሎ ያወጣ ቡድን በጓደኞቹ ፊት ይነቀፋል፤ ፋይሉም ውድቅ ተብሎ ይመዘገባል። የተሻለውን የሚያወጣ ሌላ ቡድን «ፕሮፐር» የሚል ቃል በስሙ ላይ ጨምሮ፣ የቀደመው ምን ጕድለት እንደ ነበረበት ምክንያቱን ጽፎ ያቀርባል። ፍርድ ቤት የላቸውም፤ የንግድ ምክር ቤት የላቸውም፤ ፈቃድ የሚሰጣቸውም የለም። በክብርና በነቀፋ ብቻ የዕቃቸውን ምልክት አስከብረው ይኖራሉ። በ2012 መጀመሪያ ላይ የቴሌቪዥን ፊልሞች የሚታመቁበትን ዘዴ ከአሮጌው ወደ አዲሱ በለወጡ ጊዜ፣ ፋይሉ በአሮጌ ማጫወቻ አልሠራ ያላቸው ሰዎች ብዙ ቢያጕረመርሙም፣ ቡድኖቹ በደንቡ ጸኑ። (ተለይቶ ካልተነገረ በቀር በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው፤ ይህን ማስታወስ ለምን እንዳስፈለገ ወደ ታች ይታያል።)

ሥራቸው ስርቆት ነውና የሚመሰገኑ አይደሉም። ዳሩ ግን የአሰያየም ልማድ ምን ያህል ጕልበት እንዳለው ያሳያሉ። ዛሬ በየቤቱ የፊልም መደርደሪያ ሆነው የሚያገለግሉት እንደ ኮዲና እንደ ፕሌክስ ያሉ ፕሮግራሞችም የሚመሩት በፋይል ስም ነው። ስሙን አንብበው አርእስቱንና ዓመቱን፣ ተከታታይ ከሆነም ምዕራፉንና ክፍሉን ለይተው፣ የፊልሙን ሥዕልና የተዋንያኑን ስም ከመዝገብ አምጥተው ያሳያሉ። ስሙ ከተበላሸ ፊልሙ የሌላ ፊልም ሥዕል ለብሶ ይቀርባል፤ ወይም ከዝርዝሩ ጨርሶ ይቀራል።

ስም ብቻውን ዘበኛ ሊሆን እንደማይችልም የታየበት ጊዜ አለ። በ1999 የተጀመረው ናፕስተር ሰዎች ዘፈን በነጻ የሚለዋወጡበት ነበርና የሙዚቃ ኩባንያዎች ከሰሱት። በ2001 ፍርድ ቤቱ ባለመብቶች የዘረዘሯቸውን ዘፈኖች እንዲያግድ ባዘዘው ጊዜ ናፕስተር በፋይል ስም እየለየ ማገድ ጀመረ። ተጠቃሚዎቹም ወዲያው የዘፋኙን ስም አንድ ፊደል እየገደፉ፣ ፊደሉንም እያገላበጡ መጻፍ ያዙ። ዩቲዩብ በ2007 ያወጣው ኮንቴንት አይዲ የተባለው ዘዴ ስሙን ትቶ ድምፁንና ሥዕሉን ራሱን ከባለቤቱ ናሙና ጋር ያስተያያል፤ በጉምሩክ አነጋገር ሰነዱን ትቶ ሣጥኑን መክፈት ማለት ነው።

ስለዚህ ማሽኑ ይዘቱን ካወቀ ዘንድ ስም ምን ያደርጋል የሚሉ አሉ። ይህ አነጋገር የሌባን መያዝና የገዢን መምጣት አንድ አድርጎ መቍጠር ነው። ኮንቴንት አይዲ የተገለበጠውን ይይዛል እንጂ ለፊልሙ ተመልካች አይጠራለትም። ደግሞም በቀጥታ የሚፈቀደው የዩቲዩብን መመዘኛ ለሚያሟሉ ባለመብቶች ነው፤ ትንሹ አዘጋጅ በአማላጅ ድርጅት በኩል ካልሆነ አይደርስበትም። ከዩቲዩብ ደጃፍ ውጭ፣ በቴሌግራምና በፍላሽ ለሚዘዋወረው ፊልም ደግሞ ምንም አይጠቅምም።

የአማርኛ ፊልምና ዘፈን ጕዳት ከሌላው የሚብስበት ምክንያት ከፊደሉ ይጀምራል። «ፀሐይ» የሚለው ቃል ለምሳሌ ይወሰድ። የመጀመሪያው ድምፅ በጸሎቱ ጸ ወይም በፀሐዩ ፀ ሊጻፍ ይችላል። ሁለተኛው ድምፅ በሀሌታው ሀ፣ በሐመሩ ሐ ወይም በብዙኃኑ ኀ፣ እያንዳንዱም በግዕዝ ወይም በራብዕ ሊጻፍ ይችላል። ሁለት ጊዜ ስድስት ዐሥራ ሁለት ነው። ለጆሮ አንድ የሆነው አጭር ቃል ፊደልን በፊደልነቱ ብቻ ለሚያነጻጽር መፈለጊያ ዐሥራ ሁለት ልዩ ልዩ ቃል ነው ማለት ነው። በላቲን ፊደል ሲጻፍማ አንዱ በቲ፣ ሌላው በኤስ ጀምሮ፣ አንዱ በዋይ፣ ሌላው በአይ ይጨርሰዋል። ሞክሼ ፊደላት ይቀነሱ ወይስ ይኑሩ እያሉ ሊቃውንት ለረዥም ዘመን ሲከራከሩበት የኖሩት ነገር እነሆ የገንዘብ ጥያቄ ሆኖ መጣ። ዩቲዩብ ለአዘጋጆች በሚሰጠው ምክር፣ ታግ የሚባሉት ተጨማሪ መፈለጊያ ቃላት ጥቅማቸው ትንሽ እንደ ሆነ፣ ነገር ግን ስሙ ብዙ ጊዜ ተሳስቶ ለሚጻፍ ቪዲዮ እንደሚረዱ ይናገራል። ለእንግሊዝኛው «ነገር ግን» የተባለው ለአማርኛው ዋናው ነገር ነው።

ዓመቱም እንደዚሁ ነው። «የአማርኛ ፊልም 2016» የሚል አርእስት ሲያይ የአዲስ አበባው ተመልካች በኢትዮጵያ አቈጣጠር መሆኑን፣ ይኸውም ከመስከረም 2023 እስከ መስከረም 2024 ያለው ጊዜ መሆኑን ያውቃል። በዋሽንግተን ወይም በቴል አቪቭ ያደገው ልጅ ግን ሰባትና ስምንት ዓመት ያስቈጠረ አሮጌ ፊልም ነው ብሎ ያልፈዋል። ሕግ እንኳ ከዚህ አላመለጠም፤ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ በአማርኛ ቍጥር 410/1996፣ በእንግሊዝኛ ደግሞ 410/2004 ተብሎ ይጠቀሳል፤ አንዱ አዋጅ ለማያውቀው ሰው ሁለት አዋጅ ይመስላል። አዋጁን ጠበቆች አይስቱትም፤ ፊልሙን ግን ለገዢ የሚያስረዳ ጠበቃ የለም።

ከዓመቱ አጠገብ የሚጻፈው «አዲስ» የሚለው ቃል ደግሞ ከሁሉ የከፋ ነው። የዛሬ ዐሥር ዓመት አዲስ ተብሎ የወጣው ፊልም ዛሬም አዲስ እንደ ተባለ ተቀምጧል። ዱቄት የሚያስመጣ ነጋዴ በከረጢቱ ላይ የተመረተበትን ቀን ትቶ «ትኩስ» ብሎ ቢጽፍ ማን ይገዛዋል? ዩቲዩብ ለአርእስት የሚፈቅደው 100 ፊደል ብቻ ነው፤ በስልክ ሲታይም መጨረሻው ይቈረጣል። «አዲስ»፣ «ምርጥ»፣ «ልብ የሚነካ»፣ «ሙሉ ፊልም» የተባሉት ቃላት ከፊት ተሰልፈው የፊልሙ እውነተኛ ስም ተቈርጦ በሚቀረው ጅራት ላይ ይውላል። ከዚህ የባሰውም አለ፤ በፊልሙ ውስጥ ያልሠራ ዝነኛ ተዋናይ ስሙ በአርእስቱ ላይ ይሰካል። ይህ በሌላው ነጋዴ ምልክት ዕቃን መሸጥ ስለ ሆነ ነውርነቱ ግልጽ ነው፤ ዩቲዩብም አሳሳች አርእስትና መግለጫ ይከለክላልና ቪዲዮው ሊወገድ ይችላል።

ተከታታይ ድራማ ሲሆን የክፍሉ ቍጥር ትልቅ ነገር ነው። «ክፍል 1»፣ «ክፍል 2» እየተባለ እስከ ዐሥርና ከዚያ በላይ የተጻፈ እንደ ሆነ፣ ፊደል በፊደል የሚደረድር ማጫወቻ ከክፍል 1 ቀጥሎ ክፍል 10ን፣ ከዚያም ክፍል 11ን ያመጣና ክፍል 2ን ወደ ኋላ ይጥለዋል። «ክፍል 01» ብሎ መጻፍ ይህን ሁሉ ያስቀራል። አንዲት ዜሮ ናት፤ ነገር ግን ፍላሽ የገዛችው እናት ታሪኩ ስለ ተዘበራረቀባት ከዚያ ሱቅ ሁለተኛ ላትገዛ ትችላለች።

ፋይሉ የሚተላለፍበት መንገድም ለስሙ ይወስናል። በዋትስአፕ የተላከ ቪዲዮ በተቀባዩ የአንድሮይድ ስልክ ላይ ሲቀመጥ የተላከበት ቀንና ተራ ቍጥር ብቻ ይሰጠዋል፤ የፊልሙ ስም ይሰረዛል። ቴሌግራም ግን በፋይልነት የተላከውን ስሙን እንደ ያዘ ያደርሰዋል፤ ከ2020 ጀምሮም እስከ 2 ጊጋባይት የሚደርስ ፋይል ስለ ተፈቀደበት አንድ ሙሉ ፊልም ይችላል። ስለዚህ የፊልም ዝውውር ወደ ቴሌግራም ማዘንበሉ የሚያስደንቅ አይደለም። በዚያም ያሉት አሰራጮች የስምን ዋጋ ከባለቤቶቹ ቀድመው ዐውቀዋል፤ የሰውን ፊልም ወስደው የራሳቸውን ቻናል ስም በፋይሉ ስም ላይ ይተክላሉ። ፋይሉ ከዚያ ወጥቶ በፍላሽ ወደ መርካቶ፣ ከመርካቶ ወደ ክፍለ ሀገር ሲጓዝ የቻናሉ ማስታወቂያ አብሮ ይጓዛል። ያዘጋጀው፣ የደከመበትና ገንዘቡን ያፈሰሰበት ሰው ስም ግን በየትም የለም።

እዚህ ላይ ሕግ ምን ይላል ብሎ መጠየቅ ተገቢ ነው። በ1996 ጄኔቭ ላይ የጸደቀው የዓለም የአእምሯዊ ንብረት ድርጅት የቅጅ መብት ስምምነት በ12ኛው አንቀጹ፣ ባለመብቱን የሚያሳውቀውን የኤሌክትሮኒክ መግለጫ ያለ ፈቃድ ዐውቆ የሚያነሣ ወይም የሚለውጥ ሰው በሕግ የሚጠየቅበትን መንገድ ተዋዋዮቹ አገሮች እንዲያበጁ ያስገድዳል። ምልክትን መፋቅ በደል መሆኑ እንግዲህ በዓለም ሸንጎ የታወቀ ነው። ዳሩ ግን ባለቤቱ ራሱ ስሙን ሳይጽፍበት ያወጣውን ፋይል ማን ፋቀው ተብሎ ይከሰሳል?

ላኪዎች ይህን ነገር ከቡና ታሪክ ሊመለከቱት ይችላሉ። የኢትዮጵያ መንግሥት በ2005 ሐረር፣ ሲዳሞና ይርጋ ጨፌ የተባሉትን ስሞች በአሜሪካ የንግድ ምልክት አድርጎ ለማስመዝገብ ሲነሣ፣ ተራ የቦታ ስም ናቸው ተብሎ ክርክር ተነሥቶ ነበር፤ በ2007 ከስታርባክስ ኩባንያ ጋር ስምምነት ተደረገ። ያን ጊዜ የተያዘው ክርክር ስለ ፍሬው ሳይሆን በከረጢቱ ላይ ስለሚጻፈው ነበር። የአማርኛ ፊልምም በዋሽንግተን፣ በቴል አቪቭ፣ በዱባይና በለንደን ገዢ ያለው፣ መርከብ የማያስፈልገው የውጭ ንግድ ዕቃ ነው። ገዢው የሚመጣው የልጅነቱን ቋንቋ በስልኩ ላይ ጽፎ፣ ብዙ ጊዜም በላቲን ፊደል እንደ መሰለው ጽፎ ነው። ባለቤቱ ያወጣው ስም ከዚያ ጋር ካልተገናኘ፣ ሌላ ሰው የገለበጠው ፊልም ይቀድመዋል፤ የማስታወቂያውም ገቢ፣ ባለቤቱ ነቅቶ ካልያዘው፣ ባለቤቱ ወዳልሆነው እጅ ይሄዳል።

አስመጪዎችም ከዚህ ነገር ውጭ አይደሉም። የግዕዝ ፊደል በዩኒኮድ ውስጥ ቦታ ያገኘው በ1999 ነው። ከዚያ በፊት እያንዳንዱ የአማርኛ ጽሕፈት ፕሮግራም የራሱ ስውር አጻጻፍ ስለ ነበረው የፋይል ስም በላቲን መጻፍ ግዴታ ነበር። ያ ግዴታ ከቀረ ብዙ ዓመታት አልፈዋል፤ ይሁን እንጂ ከውጭ ከሚገቡት ቴሌቪዥኖች፣ የሳተላይት መቀበያዎችና የመኪና ማጫወቻዎች መካከል በግዕዝ ፊደል የተጻፈውን የፋይል ስም ባዶ ሣጥን ወይም የጥያቄ ምልክት አድርገው የሚያሳዩ አሉ። ባለሱቁም ይህን ስለሚያውቅ፣ ደንበኛው እንዳይመለስበት፣ ስሙን በላቲን ይለውጠዋል፤ ልውጡም በየሱቁ የተለያየ ነው። አስመጪው ዕቃውን ከማዘዙ በፊት ለፋብሪካው አንድ ጥያቄ ማቅረብ አይሳነውም፤ በፍላሽ ላይ ያለ የግዕዝ ጽሑፍ በመሣሪያው ላይ ይነበባልን? ናሙና ሲመጣለትም አንድ ፍላሽ ሰክቶ መመልከት የሁለት ደቂቃ ሥራ ነው። ስለ ቮልትና ስለ መሰኪያ ዓይነት የሚጠነቀቅ ሰው ስለ ገዢው ፊደል ሊጠነቀቅ አይገባውምን?

ፍላሽ የሚጭኑት ባለሱቆችም የራሳቸው አደጋ አለባቸው። በኮምፒውተር ላይ የፋይሉ ስም መጨረሻ፣ ዓይነቱን የሚናገረው ጥቂት ፊደል፣ ብዙ ጊዜ እንዲሰወር ሆኖ ይመጣል፤ በዚህም ምክንያት የፊልም ስም የለበሰ ቫይረስ ፊልም መስሎ ይገባል። ሙሉው ስም እንዲታይ ማድረግና መጨረሻውን ማየት የሱቁን ኮምፒውተርና የደንበኛውን ፍላሽ ያድናል።

ስለዚህ የፊልምና የሙዚቃ አዘጋጆች፣ አከፋፋዮችና ባለሱቆች በንግድ ምክር ቤት ጥሪ ተሰብስበው አጭር የአሰያየም ደንብ ቢስማሙ፣ የውጭ ምንዛሪ አይጠይቅም፤ ፈቃድም አያስፈልገውም። አዘጋጁ የፊልሙን ስም በግዕዝም በላቲንም አንድ ጊዜ ቈርጦ በማስታወቂያ ወረቀቱ ላይ ያትመው፤ ከዚያ ወዲያ በዩቲዩብም፣ በቴሌግራምም፣ በፋይሉም ላይ ያው ይሁን። የቀሩት አጻጻፎች በታጉና በመግለጫው ውስጥ ይግቡ። የአዘጋጁ ስም በመጨረሻ ይኑር። ተቃዋሚ ቢኖር፣ ደንቡ ገልባጮችንም ያገለግላል ማለቱ አይቀርም፤ እነርሱ ግን ደንብ ካወጡ ብዙ ዓመት ሆኗቸዋል፤ የአማርኛውም ገልባጭ ዛሬ ስም እያወጣ ያለው ያለ ባለቤቱ ነው።

ደንቡ ሲረቀቅ ክርክር የሚነሣበት የዓመቱ ነገር ሳይሆን አይቀርም። በኢትዮጵያ ዓመት ብቻ ይጻፍ የሚሉ ይኖራሉ፤ አሳባቸውም የሚናቅ አይደለም። ነገር ግን ገዢው በሁለት አቈጣጠር የሚኖር ስለ ሆነ «2016 ዓ.ም.፣ 2024 እ.ኤ.አ.» ብሎ ሁለቱንም መጻፍ ይሻላል፤ ቦታ ከጠበበም «አዲስ» የሚለው ቃል ይውጣና ለእርሱ ይልቀቅለት።